‹‹ተጠምቋል ብለሽ ለአባትሽ ዋሺ›› ተባልኩ፤ ምን ላድርግ?



በዚህ ሳምንት ከደረሱኝ ደብዳቤዎች አንዱ እንቅልፍ ነሳኝ። እንደ ወትሮው ‹‹ፍቅረኛዬ ስልኬን አያነሳም›› ዓይነት ቢሆን ኖሮ በሁለት አንቀጽ ተገላግዬው ነበር። የዛሬዋ እህታችን ጉዳይ ግን ከላስታ ተነሥቶ ስፔን ይደርሳል፤ ከዘንድሮ ተነሥቶ አራት መቶ ዓመት ወደኋላ ይሄዳል። ደብዳቤዋን አሳጥሬ እነሆ፦

‹‹የ26 ዓመት ወጣት ነኝ። የተወለድኩት ላስታ ውስጥ፣ ከነአኩቶ ለአብ ብዙ በማይርቅ ሰፈር ነው። አሁን የምኖረውና የምሠራው አዲስ አበባ ነው። አባቴ በልጅነታቸው ነአኩቶ ለአብ በዲቁና ያገለገሉ፣ እስካሁንም ጾም ጸሎት የማያጓድሉ ሰው ናቸው። ከሦስት ዓመት በፊት አንድ ልጅ ተዋወቅኩ። ጨዋ ነው፤ ሰው ያከብራል፤ ከቃሉ አይወጣም። ቤተሰቦቹ የእምድብር ሰዎች ናቸው፤ ካቶሊኮች ናቸው። ባለፈው ዓመት ለሁለተኛ ዲግሪ ስፔን ሄደ። ቅዳሜና እሑድ በየከተማው እየዞረ የቤተ ክርስቲያኑን ፎቶ ይልክልኛል፤ ቶሌዶ፣ ኮርዶባ፣ ሳንቲያጎ… ‘አንድ ቀን አብረን እናየዋለን’ ይለኛል።

‹‹ሲመለስ ሽማግሌ ሊልክ ተስማማን። እኔም ነገሩን በእናቴ በኩል ለአባቴ አስነገርኩ። ያን ቀን ቤቱ ተናወጠ! ‘የላስታ ሰው ለዚህ ሃይማኖት አንገቱን ሰጠ እንጂ ልጁን አልሰጠም፤ ለሮማ ልጅ አልድርም!’ አሉ። ይኸው ካኮረፉኝ ሁለት ወር ሆናቸው። ስደውል ስልኩን ለእናቴ ያቀብሏታል።

‹‹ጓደኞቼ አንድ ዘዴ አምጥተዋል። ‘አንድ ቀን ይጠመቅና ፎቶ ይነሣ፤ ተጠምቋል ብለሽ ለአባትሽ አሳያቸው። ተክሊሉ ይለፍ እንጂ ከዚያ በኋላ እሱም ወደ ቤቱ፣ አንቺም ወደ ቤትሽ፤ ማን ያያችኋል?’ ይሉኛል። እሱን ስጠይቀው ‘ላንቺ ስል አደርገዋለሁ’ አለኝ፤ ድምፁ ግን ደስ አላለኝም። አባቴንም፣ እሱንም ማጣት አልፈልግም። ምን ላድርግ?››

እህቴ፣ መልሱን አስቀድሜ ልንገርሽ፦ አታድርጊው! ለምን እንዲህ እንደምልሽ ለማስረዳት ግን ትንሽ ታሪክ ማውራቴ ነው። የታሪክ ትምህርት እንቅልፍ የሚያመጣብሽ ከሆነ ለዛሬ ታገሺኝ፤ የአባትሽ ኩርፊያ ያለው እዚያ ውስጥ ነው።

አባትሽ ከመሬት ተነሥተው አልተቆጡም

ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ልጻፍልሽ። ፔድሮ ፓኤዝ የሚባል ሰው ነበር። በ1564 ማድሪድ አጠገብ ኦልሜዳ በምትባል መንደር ተወለደ፤ አድጎም ከኢየሱሳውያን ማኅበር ገባ። ወደ አገራችን ለመምጣት ገና ሲነሣ በ1589 ዓረብ አገር ተይዞ ሰባት ዓመት በምርኮ ተንገላታ። ተፈቶም አልተወም። በ1603 አርመናዊ መስሎ፣ ቱርኮቹን አታልሎ በምጽዋ በኩል ገባ።

ከገባ በኋላ ግን ማስመሰሉን ተወው። አማርኛና ግዕዝ ተማረ። በ1618 ከአፄ ሱስንዮስ ጋር ሄዶ ግሽ ዓባይን አየ። ጣና ዳር ጎርጎራ ላይ በገዛ እጁ ድንጋይ እየጠረበ፣ አናጺና ግንበኛ እያሠለጠነ ለንጉሡ የድንጋይ ቤት ሠራ። ሰውየው ሊቃውንቱን በክርክር፣ ንጉሡን በወዳጅነት ነበር የሚይዘው። በእርሱ ዘመንም ቢሆን ደም አልቀረም፤ ሃይማኖታችን ተነካ ብለው የተነሡት ሲሸነፉ በ1617 ጳጳሱ አቡነ ስምዖን ራሳቸው ጦር ሜዳ ላይ ወድቀዋል። ንጉሡም በኋላ ካቶሊክነታቸውን በይፋ ተናገሩ። ፓኤዝ በ1622 ጎርጎራ ላይ ሞተ።

ነገሩ ሁሉ የተበላሸው ከእርሱ በኋላ ነው። በ1625 አፎንሶ ሜንዴዝ የሚባል ፖርቱጋላዊ ፓትርያርክ መጣ። በዚያን ዘመን ስፔንና ፖርቱጋል በአንድ ዘውድ ሥር ነበሩ። በየካቲት 1626 ደንቀዝ ላይ ንጉሡና መኳንንቱ ለሮማው ጳጳስ ሊታዘዙ ማሉ። ከዚያ ትእዛዙ ዘነበ፦ የተጠመቀው ሕዝብ እንደገና ይጠመቅ፤ ካህናቱ እንደገና ይካኑ፤ አብያተ ክርስቲያናቱ እንደገና ይባረኩ፤ ቅዳሜን ማክበር ይቅር፤ ግዝረት ይቅር፤ አጽዋማትና በዓላት በሮማ አቆጣጠር ይሁኑ።

አስቢው እስቲ! አያት ቅድመ አያቱ በ40 ቀኑ የተጠመቀ የላስታ ገበሬ ‹‹አንተ ክርስቲያን አይደለህም፤ ና እንደገና ልጥመቅህ›› ሲባል ምን ይሰማዋል?

ላስታ እምቢ አለ። መልክአ ክርስቶስ የሚባል መሪ አቁሞ ተራራውን ምሽግ አደረገ። ንጉሡ ጦር ቢልኩም፣ ራሳቸውም ቢዘምቱ ላስታ አልበርድ አለ። በሰኔ 1632 ላስቶች ከተራራቸው ወርደው ወይና ደጋ ላይ ከንጉሡ ጦር ጋር ገጠሙ። ንጉሡ አሸነፉ። 8 ሺህ ያህል የላስታ ሰው እዚያ ሜዳ ላይ እንደ ቀረ ይነገራል። ነገር ግን የድል በዓል አልሆነላቸውም። የወደቁት አረመኔም ባዕድም አልነበሩም፤ የገዛ ወገናቸው፣ ያውም ክርስቲያኖች ነበሩ። መኳንንቱም ይህንኑ ነበር የነገሯቸው። ንጉሡ በዚያው ወር የቀድሞው ሃይማኖት እንዲመለስ አዋጅ አስነገሩ፤ ዙፋኑን ለልጃቸው ለፋሲለደስ ለቀቁ፤ መስከረም ላይም ሞቱ። ፋሲለደስ ኢየሱሳውያኑን ከአገር አስወጡ።

በዚህ ላይ የጣሊያንን ወረራ ጨምሪበት። አቡነ ጴጥሮስ የተረሸኑት በ1928 ዓ.ም. ነው፤ የደብረ ሊባኖስ መነኮሳት የተፈጁት በ1929 ዓ.ም. ነው። ‹‹ሮማ›› የሚለው ቃል በአባትሽ ጆሮ ምን ምን ይዞ እንደሚገባ አሁን ሳይገባሽ አይቀርም። እንግዲህ ‹‹አባቴ ኋላ ቀር ናቸው›› ብለሽ እንዳትጀምሪ።

ጫማዋን ያወለቀችው ሴትዮ

ከዓመታት በፊት ነአኩቶ ለአብን የማየት ዕድል ገጥሞኛል። ከላሊበላ ከተማ ወደ አውሮፕላን ማረፊያው በሚወስደው መንገድ ስድስት ሰባት ኪሎ ሜትር ያህል ይኬዳል፤ አንቺማ ከእኔ በላይ ታውቂዋለሽ። በንጉሥ ላሊበላ የወንድም ልጅ ስም የሚጠራው ቤተ ክርስቲያን ዋሻው ውስጥ ከአለቱ ጣሪያ ሥር ተጠግቶ ተሠርቷል። ከአለቱ ጠብ ጠብ የሚለው ውኃ በድንጋይ ገበታ ይጠራቀማል፤ ጸበል ነው።

እኔ እዚያ ቆሜ ሳለ አንዲት ሸምገል ያሉ ስፔናዊት ቱሪስት ገቡ። በሩ ላይ ጫማቸውን አወለቁ፤ ነጠላ ቢጤ ተከናነቡ። ካህኑ የብራና መጽሐፉንና መስቀሉን ሲያሳዩ መስቀሉን ሊሳለሙ ጎንበስ አሉ። ከጸበሉም በእጃቸው ቀንሰው ጠጡና አማተቡ፤ ከግንባር ወደ ደረት፣ ከግራ ትከሻ ወደ ቀኝ፣ ልክ እንደኛው። አጠገቤ የቆሙ አንድ አዛውንት አስጎብኚውን ‹‹እኒህ ሴትዮ ሃይማኖታቸው ምንድን ነው?›› አሉት። ‹‹ካቶሊክ ናቸው አባቴ፣ ከስፔን ነው የመጡት›› አላቸው።

አዛውንቱ ዝም ብለው ቆዩ። ከዚያ ‹‹እንዲህ ጫማ አውልቆ ለሚመጣማ ማን በር ይዘጋል? የዱሮዎቹ እኮ በገዛ ቤታችን ቆመው እኛኑ ‘ውጡና እንደገና አንኳኩ’ ያሉን ናቸው›› አሉ።

እህቴ፣ ያቺን ንግግር አልረሳኋትም። የላስታ ሰው የተዋጋው እንግዳን አልነበረም፤ እንግዳ ሆኖ ገብቶ ጌታ ልሁን ያለውን ነው። ደግሞም ላስታ የካቶሊክ እንግዳ ከመቀበል ወደኋላ ብሎ አያውቅም። በአፄ ልብነ ድንግል ዘመን፣ በ1520 ከፖርቱጋል መልእክተኞች ጋር የመጣው ቄስ አልቫሬዝ የላሊበላን አብያተ ክርስቲያናት በእግሩ ዞሮ አይቷል። መጽሐፉ በ1540 ሲታተም ስለ ላሊበላ ለአውሮፓ በዝርዝር የነገረ የመጀመሪያው ሰው ሆነ። እንደውም ያየውን ሁሉ ብጽፍ የሚያምነኝ የለም ብሎ ሠግቶ ነበር። የላስታን ስም ባሕር ያሻገረው እንግዲህ የካቶሊክ ቄስ ነው! ይህቺን ለአባትሽ ንገሪያቸው፤ ደስ ይላቸዋል።

የእኛም ሰዎች እንዲሁ እንግዳ ሆነው ሮም ኖረዋል። ቫቲካን ግቢ ውስጥ ያለው የቅዱስ እስጢፋኖስ ቤት የሐበሻ ተሳላሚዎች ማረፊያ ነበር። ከደብረ ሊባኖስ የሄዱት አባ ተስፋ ጽዮን እዚያ ተቀምጠው በ1548ና በ1549 ሐዲስ ኪዳንን በግዕዝ አሳተሙ። ያ የመጀመሪያው የታተመ የግዕዝ ሐዲስ ኪዳን ነው።

ፎቶዎቹን እንደገና እያቸው

አሁን ልጁ የላከልሽን ፎቶዎች አውጪ። የኮርዶባውን አየሽው? ከ800 በላይ ዓምዶች ያሉት መስጊድ ነበር። ከተማው በ1236 በክርስቲያኖች እጅ ሲገባ ቤተ ክርስቲያን ሆነ፤ ከ1523 ጀምሮ ደግሞ መሐሉን አፍርሰው ካቴድራል ተከሉበት። ያምራል፤ ግን ‹‹የማን ነው? ምን ተብሎ ይጠራ?›› የሚለው ክርክር እስካሁን አላለቀም። ስፔናውያን ፔሩ ሲደርሱም ኩስኮ ከተማ ላይ የኢንካዎቹን የፀሐይ መቅደስ አፍርሰው በግንቡ ላይ የሳንቶ ዶሚንጎን ገዳም ሠሩ። በ1950 የመሬት መንቀጥቀጥ ሲመጣ ከላይ የተሠራው ክፉኛ ፈራረሰ፤ ከሥር ያለው የኢንካዎቹ ግንብ ቆመ።

ትዳርም እንዲሁ ነው እህቴ። የአንዱን ቤት አፍርሶ በላዩ ላይ የሚሠራ ትዳር ያምር ይሆናል። ነገር ግን የመጀመሪያው መንቀጥቀጥ ሲመጣ፣ ልጅ ሲወለድ፣ አባት ሲሞት፣ ከሥር ያለው ብቅ ይላል።

የቶሌዶውንም ፎቶ እይው። እዚያ ካቴድራል ውስጥ አንድ ጸሎት ቤት አለ። የድሮዎቹ የስፔን ክርስቲያኖች፣ በእስላም መንግሥት ሥር ሆነው የጠበቁት ሥርዓተ ቅዳሴ ሮማ በራሷ ሥርዓት ከተካችው በኋላም እዚያ እስካሁን ይቀደስበታል። ካቶሊክ የሆነ ሁሉ አንድ ዓይነት አይቀድስም ማለት ነው። ይህ ለአንቺም ሩቅ አይደለም። የኢትዮጵያ ካቶሊካዊት ቤተ ክርስቲያን በግዕዝ ሥርዓት ትቀድሳለች። የልጁን እናት ተከትለሽ አንድ እሑድ ብትሄጂ አባትሽ በቃላቸው የሚያውቁትን ዜማ ትሰሚያለሽ።

ልዩነት የለም እያልኩሽ አይደለም። ከ451ዱ የኬልቄዶን ጉባኤ ጀምሮ ያለ ልዩነት ነው፤ ተዋሕዶ የምንለውም በዚሁ ነው። እሱን በጋዜጣ ዓምድ አልፈታውም፤ አንቺም በሠርግሽ አትፈቺውም። ግን በ2016 ፓትርያርኩ አቡነ ማትያስ ሮም ሄደው ከጳጳሱ ፍራንሲስ ጋር ተገናኝተዋል። ልዩነታቸውን ይዘው ነው የተጨባበጡት። አንቺና እሱስ?

አሁን ወደ ቁም ነገሩ

አንደኛ፣ የጓደኞችሽን ምክር ጣይው። ሜንዴዝ የተጠመቀን ሰው እንደገና ላጥምቅ ብሎ አገር አጫረሰ። አንቺ ደግሞ ላያምንበት ነገር ውኃ ውስጥ አግብተሽ ልታስወጪው ነው። ይህ የሱንም ጥምቀት፣ የአንቺንም ተክሊል መቀለጃ ያደርጋል። ፓኤዝ አርመናዊ መስሎ የገባው ድንበር ለማለፍ ነበር፤ አንቺ የምትገቢው ግን የዕድሜ ልክ ቤት ነው። ደግሞ ድምፁ ደስ አላለሽም፤ ጆሮሽን እመኚው። በልቡ አምኖ፣ ተምሮ ‹‹ተዋሕዶ መሆን እፈልጋለሁ›› ካለ ሌላ ነገር ነው፤ ያ በጊዜው፣ በንስሐ አባት በኩል የሚሆን ነው። ለፎቶ ግን አይሆንም!

ሁለተኛ፣ ሁለታችሁም የየቤታችሁን ደንብ ጠይቁ። በእኛ ሥርዓት ተክሊል የሚደረገው ሁለቱም የቤተ ክርስቲያኒቱ ልጆች ሲሆኑ ነው። ከዚያ ውጪ ብታገቢ ከቅዱስ ቁርባን ልትርቂ እንደምትችይ ንስሐ አባትሽ ይነግሩሻል። በእነሱ በኩል ደግሞ ካቶሊኩ ሌላ ክርስቲያን ለማግባት ከጳጳሱ ፈቃድ ይወስዳል፤ ልጆቹን በካቶሊክነት ለማስጠመቅና ለማሳደግ የሚቻለውን ሁሉ ሊያደርግ ቃል ይገባል። ይህን ቃል እንደሚገባ ነግሮሻል? ካልነገረሽ ዛሬውኑ ጠይቂው። ብዙ ጥንዶች ይህን የሚሰሙት ልጁ ሲወለድ ነው፤ ያን ጊዜ የሁለት ሰው ጉዳይ መሆኑ ቀርቶ የሁለት ቤተሰብ ጦርነት ይሆናል።

ሦስተኛ፣ ሕጉንም እወቂው። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በክብር መዝገብ ሹም ፊት፣ በሃይማኖት ሥርዓት ወይም በባህል የሚፈጸምን ጋብቻ እኩል ያያል። 18 ዓመት የሞላቸው ሁለት ሰዎች በነፃ ፈቃዳቸው ይጋባሉ። ሕጉ የአባትሽን ፊርማ አይጠይቅም። አንቺ ግን የአባትሽን ምርቃት ትፈልጊያለሽ፤ ባትፈልጊ ኖሮ ይህን ደብዳቤ አትጽፊም ነበር። ስለዚህ ‹‹ማዘጋጃ ቤት ሄደን እንፈርማለን›› የሚለውን እንደ ማስፈራሪያ አታንሺባቸው።

አራተኛ፣ ወረቀትና እስክሪብቶ ይዛችሁ ተቀመጡ። ልጅ የት ይጠመቃል? ሁዳዴን ስትጾሚ ቤት ውስጥ ምን ይበላል? የሱ ገናና የአንቺ ገና በተለያየ ቀን ቢውሉ የት የት ትውላላችሁ? ከሁለት አንዳችሁ ብትሞቱ የት ትቀበራላችሁ? አትሳቂ! በእኛ አገር ብዙ የተደባለቀ ትዳር የሚጣላው ቀብር ላይ ነው። ከአራቱ ሁለቱን መመለስ ካቃታችሁ ሽማግሌ መላኩን አቆዩት።

አምስተኛ፣ ልጁ ሲመለስ ሽማግሌ ከመላኩ በፊት ራሱ እንግዳ ሆኖ ይሂድ። መንገዱ ሰላም ሲሆን ላስታ ይውረድ። ለጋብቻ ሳይሆን አባትሽን ሊጠይቅ ይሂድ። አባትሽ የሚያከብሩትን አንድ ካህን ወይም አጎትሽን አስቀድመሽ አናግሪ። ሳንቲያጎ የሚሄደው ስፔናዊ ምስክር ወረቀቱን ለማግኘት ቢያንስ 100 ኪሎ ሜትር በእግሩ መሄድ አለበት። ልጁም ለገና በባዶ እግራቸው ላሊበላ ከሚገቡት ገበሬዎች ጋር የመጨረሻዋን ቁልቁለት እንኳ ይጓዝ። ነአኩቶ ለአብ ደርሶ በሩ ላይ ጫማውን ያውልቅ። አባትሽ ስለ ወይና ደጋ ከተናገሩ አይከራከር፤ ይስማ። ‹‹የኛ ሰዎች ያኔ በድለዋል›› ማለት ከእምነት አያወጣም።

‹‹ይህን ሁሉ አድርገን እምቢ ቢሉስ?›› ትዪኝ ይሆናል። ሊሉ ይችላሉ። ተስፋ ልስጥሽ ብዬ አልዋሽሽም። እምቢ ካሉ ሁለት በር ይቀርሻል፦ ጊዜ ሰጥተሽ መጠበቅ፣ ወይም እውነቱን ነግረሻቸው በራስሽ ውሳኔ መሄድ። ሁለቱም ያማል። ነገር ግን እውነት ተነግሮት የተቆጣ አባት አንድ ቀን ይታረቃል፤ የልጅ ልጅ ሲያይ የቀለጠ ስንት አባት አይቻለሁ። በፎቶ የተታለለ አባት ግን የሚታረቀው ከማን ጋር ነው? ከልጁ ጋር ወይስ ከውሸቱ ጋር?

ደግሞ ስልኩን ለእናትሽ ማቀበላቸውን አትጥይው። ሊያወሩሽ ያልፈለጉ ቢሆን ኖሮ ይዘጉት ነበር። ነገ ደውዪ። ስለ ጋብቻው አታንሺ። ‹‹አባዬ፣ እስቲ ስለ መልክአ ክርስቶስ ንገረኝ›› በዪና ዝም ብለሽ አዳምጪ።

የደረስሽበትን ጻፊልኝ። ለአንባቢያን ደግሞ፣ በእንዲህ ዓይነት ትዳር ውስጥ ያላችሁ ካላችሁ ተሞክሯችሁን ስማችሁን ሳትጠቅሱ ላኩልን፤ ለዚህች እህታችን ይጠቅማታል።

ሳምንት እስክንገናኝ ቸር ያሰንብተን!